ተረኛው ሐኪም የጎማ አውራ ጣት ለሆነበት ሆስፒታል ሊቀመንበር

ለክቡር ኮታፓሊ ቬራባድራ ራኦ ጋሩ
የፑላማ መታሰቢያ የሕክምና ኮሌጅና ሆስፒታል መሥራችና ሊቀመንበር
ፔዳቼሩቩ

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ የከበረ ሰላምታዬን ጎንበስ ብዬ እያቀረብኩ፣ እርስዎ፣ ክብርት ባለቤትዎ፣ በሃይደራባድ የሚኖሩት ሁለቱ ልጆችዎና በመሠራት ላይ ያለው አምስተኛው ፎቅዎ እንደምን ሰንብታችኋል እላለሁ። የሁላችሁንም ጤንነት እመኛለሁ፤ የእርስዎን ጤንነት ግን ከሌሎቹ ሁሉ አብልጬ እመኛለሁ። ለምን እንደሆነ በደብዳቤዬ መጨረሻ ላይ ስለምነግርዎ እስከዚያ ድረስ እንዲታገሡኝ በትሕትና እለምናለሁ።

ኤርላ ቢክሻፓቲ እባላለሁ። በመንግሥት አውቶቡስ ሠላሳ አንድ ዓመት ቲኬት ቆርጬ በጡረታ የተገለልኩ የከተማዎ ነዋሪ ነኝ። እርስዎ አውቶቡስ ስለማይሳፈሩ አያውቁኝም፤ ልጄን ስራቫንቲን ግን ያውቋታል፤ በሆስፒታልዎ ተለማማጅ ሐኪም ናት፣ በፍርድ ቤት ደግሞ ኮሌጅዎን ከከሰሱት አሥራ ሁለት ልጆች የመጀመሪያዋ ናት። ይህን ደብዳቤ በጋዜጣ ለማውጣት የደፈርኩት ክብርዎን ለመንካት አይደለም። በአደራ ፖስታ የላክሁልዎ ሦስት ደብዳቤዎች «ተቀባዩ አልተገኙም» የሚል ማኅተም ተመትቶባቸው ስለተመለሱ፣ ምናልባት ጋዜጣ ሲያነቡ ይገኙ እንደሆነ ብዬ ነው። አንዱን ቅጂ አውቶቡስ መናኸሪያው የማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ለጥፌዋለሁ፤ እዚያ የማይገኝ ሰው የለም።

ቅሬታ የማቅረብ ልማድ የለኝም። ስለዚህ ከዚህ በታች በቁጥር የማሰፍራቸው ሁሉ ምስጋናዎች ናቸው።

፩ኛ. ሒሳብ ስላስተማሩኝ አመሰግናለሁ። የሕክምና ትምህርት አራት ዓመት ተኩል ነው፤ ኮሌጅዎ የአምስት ዓመት ክፍያ ተቀበለኝ። ስለ ትርፉ ስድስት ወር ብጠይቅ፣ የአስተዳደር ኃላፊዎ ጃናርዳን ጋሩ («ጋሩ» የምለው እንደ እርስዎ ላከብራቸው ነው) የግማሽ ዓመት ደረሰኝ እንዳላሳተሙ ነገሩኝ። እኔ በሥራዬ ዘመን ግማሽ መንገድ ላይ ለሚወርድ ተሳፋሪ እስከ መጨረሻው ፌርማታ የሚያደርስ ቲኬት ቆርጬ ብገኝ፣ ተቆጣጣሪው ያንኑ ቀን ቦርሳዬን ይቀማኝ ነበር፤ ለካ ሌላ ቲኬት አልታተመም ማለት ይቻል ኖሯል። ከትምህርቱ በኋላ በሚመጣው የአንድ ዓመት ልምምድ ደግሞ ለእያንዳንዱ ተለማማጅ ሐኪም በወር ሃያ አምስት ሺህ ሩፒ አበል እንዲከፈል ታዟል፤ ኮሌጅዎም ሕግ አክባሪ ስለሆነ ወር በገባ በመጀመሪያው ቀን ገንዘቡን በልጄ ስም በተከፈተ የባንክ ሂሳብ ያስገባል። በሁለተኛው ቀን ይወጣል። ካርዱና የሚስጥር ቁጥሩ እንዳይጠፋባት በማሰብ ጃናርዳን ጋሩ መሳቢያቸው ውስጥ ቆልፈውላታል፤ ከአሥረኛ ክፍል ጀምሮ ያሉት ዋና የትምህርት ማስረጃዎቿም እዚያው ናቸው። ልጄ በእርግጥ በልጅነቷ ጃንጥላ ትጥል ነበር፤ ይህን ከማን እንደሰሙ ባላውቅም ስለ ጥንቃቄዎ ምስጋናዬ ይድረስዎ።

፪ኛ. ስለ ልጄ አውራ ጣት አመሰግናለሁ። ልምምድ በጀመሩበት ቀን ሃምሳዎቹንም ልጆች ወደ ጥርስ ሕክምና ክፍል ወስዳችሁ፣ የጥርስ ቅርጽ በሚወሰድበት ሮዝ ሰም ውስጥ አውራ ጣታቸውን ተራ በተራ እንዲያስገቡ አደረጋችሁ። ለአዲሱ መታወቂያ ነው ተባሉ። መታወቂያው እስከ ዛሬ አልመጣም። ከዚያ ቀን ወዲህ ግን በየጠዋቱ፣ ሁለት ሰዓት ከሁለት ደቂቃ ሲሆን፣ ስልኬ ላይ እንዲህ የሚል መልእክት ይደርሰኛል፦ «ልጅዎ ዶክተር ስራቫንቲ ዛሬ በሥራ ገበታዋ ላይ ተገኝታለች። የፑላማ ቤተሰብ።» መጀመሪያ ላይ ኩራቴ ልክ አልነበረውም፤ አንዳንዱን መልእክት ለጎረቤት አስነብቤያለሁ። ከዚያ ልጄ ወባ ይዟት አራት ቀን ቤት ተኛች። አራቱንም ቀን መልእክቱ መጣ። በአራተኛው ቀን የሆስፒታሉ የአሻራ ማሽን ተበላሽቶ መሆን አለበት ብላት፣ እጇን ከብርድ ልብስ አውጥታ «አባዬ፣ የእኔ እዚህ አልጋ ላይ ነው። ሥራ የገባው የጎማው ነው» አለችኝ። ሰሙ ለምን እንደነበረ ያን ጊዜ ገባኝ፤ አሻራቸው በቀረበት ቅርጽ ጎማ አፍስሳችሁበታል። ለካ ከሃይደራባድ ሳይንቀሳቀሱ በየቀኑ ፔዳቼሩቩ ሥራ የሚገቡ ሃያ ሰባት ፕሮፌሰሮችም አሉዎት። እኔ ሠላሳ አንድ ዓመት ስሠራ ያልተሳፈረ ሰው ወንበር ላይ አስቀምጬ አላውቅም፤ ይህ ጥበብ እንዳመለጠኝ ሳስብ ይቆጨኛል።

፫ኛ. ጠበቃዎን አመሰግናለሁ። አሥራ ሁለቱ ልጆች አበላቸውን ጠይቀው ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ባመለከቱ ጊዜ፣ ኮሌጅዎ በቃለ መሐላ መልስ ሰጠ፤ የባንክ ወረቀትና የአሻራ መዝገብ አያይዞ፣ ተለማማጆቹ አንድም ቀን ሳይቀሩ ተገኝተዋል፣ አንድም ሩፒ ሳይጎድል ተከፍሏቸዋል አለ። ጠበቃዎ ይህ ሳይበቃቸው፣ ክሱን ያዘጋጁት ሁለት ሦስት ልጆች ናቸው፣ የሌሎቹን ስም ሳያውቁ ነው የጨመሩት፣ ስለዚህ ሁሉም በአካል ይቅረቡ ብለው አጥብቀው ጠየቁ። ዳኛው ፈቀዱላቸው። ይህ ጥያቄ ለእኛ የዋለልንን ውለታ እየቆዩ ይረዱታል።

ቀጠሮው ማክሰኞ ነበር። እኔና ልጄ በንጋቱ አውቶቡስ፣ ዕድሜዬን በጨረስኩበት መስመር፣ ወደ ሃይደራባድ ተሳፈርን። ሁለት ሰዓት ከሁለት ደቂቃ ላይ ስልኬ ጮኸ። ልጄ በትከሻዬ በኩል አነበበችውና ሳቀች፤ እኔም ሳቅኩ፤ ቲኬት ቆራጩ የድሮ ባልደረባዬ ስለሆነ ለእሱም አሳየነውና ሦስታችንም ዓይናችን እንባ እስኪያቀር ሳቅን። አራት ሰዓት ተኩል ሲሆን ዳኛው የአሥራ ሁለቱን ልጆች ስም አንድ በአንድ ጠሩ፤ ልጆቹም እየተነሡ አቤት አሉ፤ የችሎቱ ጸሐፊ መገኘታቸውን መዝግቦ አስፈረማቸው።

ያን ሳቅ ዛሬ ሳስበው ያመኛል። እኛ አውቶቡስ ላይ በምንስቅበት ሰዓት፣ ላቻማ የምትባል የጥጥ እርሻ ሠራተኛ በባሏ በያዳጊሪ ጀርባ ታዝላ በሆስፒታልዎ በር እየገባች ነበር። ጥጡ ላይ የምትረጨው የተባይ መድኃኒት ልብሷን አርሶ ሰውነቷ ውስጥ ገብቷል። ልጄ እንደነገረችኝ፣ እንዲህ ያለ ታማሚ ሐኪም አጠገቡ ሆኖ በየጥቂት ደቂቃው መርፌ እየሰጠና ትንፋሹን እያዳመጠ ካልጠበቀው አይተርፍም፤ ከጠበቀው ግን ብዙ ጊዜ ይተርፋል። አሥራ ሁለቱ ልጆች ጠበቃዎ በጠየቁት መሠረት ችሎት ፊት ነበሩ። ከተቀሩት ተለማማጆች እኩሌታው በየገጠሩ ጤና ጣቢያ ተመድበዋል፤ እኩሌታው በኮሌጅዎ በጎ ፈቃድ አውራ ጣታቸውን ሥራ ላይ ትተው ሃይደራባድ ለፈተና ያጠናሉ። ላቻማ ከቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ሞተች። ሠላሳ አራት ዓመቷ ነበር።

፬ኛ. ለልጄ ስለጻፉላት ደብዳቤ አመሰግናለሁ። ማክሰኞ በዋለ በሳምንቱ ደረሳት። ተረኛ ሐኪም ሆና ሳለ ታማሚዋን ችላ በማለት ለሞት እንዳበቃቻት፣ በዚህም የልምምድ ማጠናቀቂያ ወረቀቷ እንደሚታገድ፣ ጉዳዩም ለፖሊስ እንደሚመራ ይገልጻል። ማስረጃው የአሻራ መዝገብ ነው፦ ማክሰኞ፣ የሴቶች ክፍል፣ ቁጥር አርባ ሰባት፣ የገባችበት ሁለት ሰዓት ከሁለት ደቂቃ፣ የወጣችበት አሥር ሰዓት። ያ የማጠናቀቂያ ወረቀት ከሌለ ልጄ ሐኪም አይደለችም፤ በየትኛውም ሆስፒታል መርፌ መያዝ አትችልም፤ ይህን ደብዳቤ ይዛ ፖሊስ ፊት ከቆመች ደግሞ ሰው የገደለች ናት። ነገሩ ሁሉ ይኸው ነው፤ ከዚህ በላይ የምሰጋበት ነገር የለኝም።

በማግስቱ ጠዋት ጃናርዳን ጋሩን ልናነጋግር ሄደን ከቢሯቸው ፊት አግዳሚ ላይ ተቀመጥን። ሁለት ሰዓት ሲሆን ተላላኪያቸው የጣፋጭ ቆርቆሮ ታቅፎ መጣ። ቆርቆሮው ውስጥ ለጣፋጩ በተሠሩት ትናንሽ ክፍልፋዮች የጎማ አውራ ጣቶች ተደርድረዋል፤ በእያንዳንዱ ላይ ቁጥር ተጽፏል። ሰውየው አንድ በአንድ እያነሣ ማሽኑ ላይ ይጫናል፤ ማሽኑም በሴት ድምፅ «እናመሰግናለን» ይላል። ሰባ ሰባት ጊዜ አመሰገነ፤ ቆጥሬዋለሁ። አርባ ሰባተኛው ላይ ስልኬ ኪሴ ውስጥ ጮኸ። ልጄ አጠገቤ ተቀምጣ፣ እጆቿን ጭኗ ላይ ዘርግታ ጣቶቿን ታያለች። ያን ቀን አልሳቅንም።

ጃናርዳን ጋሩ በጣም በለሰለሰ ድምፅ አነጋገሩን፤ ሻይም አዘዙልን። «ቢክሻፓቲ ጋሩ፣ እርስዎም አባት ነዎት እኔም አባት ነኝ» አሉ። «ክሱን ታንሳ፤ ይሄ ደብዳቤ እኔ መሳቢያ ውስጥ ገብቶ ይተኛል። ካላነሳች የሟች ዘመዶች አሉ። የገጠር ሰዎች ናቸው፣ እኔ ልይዝላችሁ አልችልም። ሴት ልጅ ናት፤ ነገ ትዳርም አለ።» ሻዩን አልጠጣነውም።

ወደ ቤት ስንመለስ ክሱን እንድታነሳ መንገዱን ሙሉ ለመንኳት። መናኸሪያው ጋ ስንደርስ ቆመችና «አባዬ፣ ካነሳሁት እኮ ገድያታለሁ ማለት ነው» አለችኝ። ከዚያ በኋላ አልለመንኳትም። በማግስቱ የግቢዎ ዘበኞች በሩ ላይ አገዷት፤ ከአሥራ ሁለቱ ልጆችም አራቱ ክሳቸውን አነሡ። አልፈርድባቸውም፤ እነሱም መሳቢያ ውስጥ ያለ ማስረጃና እንደኔ የሚፈራ አባት አላቸው።

፭ኛ. ይህ ከምስጋናዎቼ ሁሉ ትልቁ ስለሆነ ረጋ ብለው እንዲያነቡት እለምናለሁ።

በሦስተኛው ቀን ከሰዓት በኋላ አንድ ትራክተር ደጃፌ ላይ ቆመ። ተጎታቹ ላይ ዱላ የያዙ ስድስት ወንዶች ነበሩ። ፊተኛው ወርዶ ያዳጊሪ፣ የላቻማ ባል መሆኑን ነገረኝና አንድ ወረቀት ዘረጋልኝ፦ የልጄ ፎቶግራፍ፣ ከሥሩ የቤታችን አድራሻ፣ በኮሌጁ ወረቀት ላይ። የእጅ ጽሑፉን ወዲያው አወቅሁት፤ የአምስት ዓመት ደረሰኞቼን ሁሉ የጻፉት ጃናርዳን ጋሩ ናቸው። ወደ ሆስፒታሉ ቢሮ ጠርተው ሚስትህን የገደለችው ይህች ናት ብለው እንደሰጡት ነገረኝ።

ጎረቤቶቼ በራቸውን ዘጉ። እኔ በራችን ላይ ቆምኩ፤ ስልሳ ሦስት ዓመቴ ነው፣ ስድስት ወንድ የማቆምበት አቅም የለኝም፣ በጣም ፈርቼ ነበር። እንድትገባ በእጄ ምልክት ብሰጣትም ልጄ ከኋላዬ ወጣች።

ያዳጊሪ ፎቶግራፉንና እሷን አስተያየ። «ወረቀቱ ላይ አንቺ ነሽ» አላት። «ከጠዋት እስከ አሥር ሰዓት የላቻማ ሐኪም አንቺ ነበርሽ ብለውኛል።»

«አልነበርኩም» አለችው። «ፍርድ ቤት ነበርኩ። ስለ አበሌ።»

ክቡር ሆይ፣ ሌላ ነገር ማለት ትችል ነበር። ታምሜ ነበር ማለት ትችል ነበር፤ እኔ በእሷ ቦታ ብሆን እንደዚያ እል ነበር። ዱላ ከያዘ ሰው ፊት ቆማ፣ ሚስትህ ስትሞት እኔ ስለ ገንዘቤ እከራከር ነበር ያለችውን ይህችን ልጅ ነው ኮሌጅዎ ኃላፊነት የጎደላት ብሎ የጻፈባት።

ያዳጊሪ ፊቱን አብረውት ወደመጡት ወንድሞቹ መልሶ ተናገረ። «እኔማ ይቺን ልጅ አይቻት አላውቅም። ማንንም አላየሁም። ነርሷ ቢሮ ስትደውል አጠገቧ ነበርኩ። ሐኪም የለም፣ ሴትዮዋ ልትሞትብኝ ነው ትላቸዋለች። ድምፁ ከስልኩ ወጥቶ ይሰማል። መዝገቡ ላይ አምስት ሐኪም ክፍልሽ ውስጥ አለ፣ ደህና አድርገሽ ፈልጊ አሏት። እሷ ታማሚ ይዛ የት ትሂድ? እኔ ነኝ የፈለግኳቸው። ፎቅ ለፎቅ እየሮጥኩ አምስቱን ሐኪሞች ፈለግኩ። ስመለስ ላቻማ አልቆላት ነበር።»

ልጄ ደረጃው ላይ ተቀምጣ አለቀሰች። በመጨረሻ ያዳጊሪ ዱላውን ግድግዳው ላይ አስደግፎ አጠገቧ ቁጢጥ አለና «ታዲያ ማን ነበር፣ ዶክተር እናቴ?» ብሎ ጠየቃት። ስለ ሰሙና ስለ ቆርቆሮው ነገረችው። እኔም ስልኬን አውጥቼ የማክሰኞውን መልእክት አነበብኩለት፤ ማንበብ ስለማይችል ሁለት ጊዜ አነበብኩለት። ሁለተኛው ላይ ስልኩን ከእጄ ተቀብሎ፣ የማይገባውን ጽሑፍ ለብዙ ጊዜ ሲያየው ቆየ።

ምስጋናዬ እዚህ ላይ ነው። በዚህ አገር ካለው ሕዝብ ሁሉ መካከል፣ ያን ቀን በዚያ ክፍል ሐኪም እንዳልነበረ በእግሩ ሮጦ ያረጋገጠውን አንድ ሰው መርጣችሁ፣ አድራሻዬን በራሳችሁ ወረቀት ጽፋችሁ፣ ደጃፌ ድረስ ላካችሁልኝ። እኔ ልፈልገው ብነሣ መንደሩን እንኳ አላውቀውም ነበር። ያዳጊሪ በማግስቱ ከእኛ ጋር ሃይደራባድ ሄዶ ቃለ መሐላውን ሰጠ። ፊርማ ስለማያውቅ አውራ ጣቱን ቀለም ነክሮ አተመ፤ ያ አውራ ጣት የራሱ ነው። የጃናርዳን ጋሩን ወረቀትም አያይዘነዋል።

ስድስተኛና ሰባተኛ ምስጋናዎችም ነበሩኝ፤ አንዱ ስለ ላይብረሪው፣ አንዱ ስለ ሆስቴሉ ውኃ። ትቻቸዋለሁ።

በመጪው ሰኞ ችሎቱ ይቀጥላል፤ ከሁለት አንዱን መምረጥ ይኖርብዎታል። የአሻራ መዝገቡ እውነት ነው ካሉ፣ በዚያው ማክሰኞ ስሟ ሲጠራ ተነሥታ አቤት ያለችው ልጅ ማን እንደነበረች ለዳኛው ማስረዳት አለብዎ፤ በአካል ትቅረብ ያሉት ደግሞ ጠበቃዎ ናቸው። መዝገቡ ሐሰት ነው ካሉ፣ ልጄ ነፃ ትወጣለች፤ አበል ተከፈለ ብላችሁ የማላችሁበት ወረቀት ሁሉ አብሮ ይወድቃል፤ ላቻማ በሞተችበት ክፍል ማን ነበር የሚለውንም ጥያቄ የሚመልሰው ልጄ ሳትሆን እርስዎ ይሆናሉ።

ሦስተኛ መንገድ እየተፈለገ እንደሆነም አውቃለሁ። ካለፈው ሐሙስ ጀምሮ ሰሌዳ የሌለው ሞተር ሳይክል ከቤታችን ፊት ለፊት እየመጣ ይቆማል፤ የተቀመጡበት ሁለት ጎረምሶች የራስ መከላከያቸውን አያወልቁም፣ ምንም አይናገሩም፣ ሰዓታቸውን ጠብቀው ይሄዳሉ። ነርሷ ሥራ ላይ የለችም፤ ቤቷም ተቆልፏል፤ ስሟን እዚህ አልጽፍም። ያዳጊሪን ለማነጋገር መኪና ሦስት ጊዜ መንደሩ ሄዷል። ስለ ጎረምሶቹ ለፖሊስ ባመለክት የማን እንደሆኑ ማስረጃ አምጣ ተባልኩ። እነሆ፣ ማስረጃ ባይኖረኝም ይህን ጽፌያለሁ፤ በልጄ ላይ አንድ ነገር ቢደርስ መናኸሪያው ላይ ደብዳቤውን ያነበበ መንገደኛ ሁሉ ማን ለማን እንደጻፈው ያውቃል።

ከዚህ በታች ያለው ምስጋና የለበትም። በየዓመቱ በእናትዎ መታሰቢያ ቀን፣ አበባ በተጠመጠመበት ፎቶግራፋቸው ሥር ቆመው፣ እናትዎ ፑላማ ሐኪም ባለመኖሩ በበሬ ጋሪ ላይ እንዴት እንደሞቱ ሲናገሩ ድምፅዎ ይሰበራል። አንድ ዓመት ቆሜ ሰምቼዎት አልቅሻለሁ፤ ከልብዎ እንደነበረም አምናለሁ። ላቻማ የሞተችው ከዚያ ፎቶግራፍ ሁለት በር አለፍ ብሎ ነው። ሁለት ልጆች አሏት። እነሱስ ሲያድጉ እናታችን የሞተችው የት ነው ይበሉ?

ልጄ በየቀኑ አንድ ነገር ትጠይቀኛለች፤ ያን ቀን ፍርድ ቤት ባልሄድ ኖሮስ ትለኛለች። ማዕድ ላይ ቁጭ ብለን ትጠይቀኛለች፣ ልብስ እያጠበች ትጠይቀኛለች። ጥያቄው የእርስዎ ነበር፤ እርስዎ ስላልጠየቁት የሃያ አራት ዓመት ልጅ ተሸክማዋለች። ለዚህ አንድ ነገር ይቅርታ ላደርግልዎ አልችልም፣ እንዳደረግሁልዎም አላስመስልም።

ክሱን አታነሳም።

ለእርስዎ፣ ለክቡር ቦርድዎ፣ ለሃያ ሰባቱ የማይታዩ ፕሮፌሰሮችዎና ለሰባ ሰባቱ ታታሪ አውራ ጣቶች ያለኝን ጥልቅ አክብሮት በድጋሚ እየገለጽኩ፣ ለሰኞ ችሎት ከጠበቃዎ ኋላ ሳይሆን በአካል እንዲገኙልን እየተማጸንኩ፣ የእርስዎ ታዛዥና ዕዳ የሌለበት አገልጋይ፣

ኤርላ ቢክሻፓቲ
ጡረተኛ ቲኬት ቆራጭ፣ የቁጥር አርባ ሰባት አባት

ግልባጭ፦
ለከፍተኛው ፍርድ ቤት መዝገብ ቤት
ለመናኸሪያው ማስታወቂያ ሰሌዳ
ለጣፋጭ ቆርቆሮው፣ በጃናርዳን ጋሩ በኩል

ከፊርማዬ በኋላ፦ ስለ ጤንነትዎ የገባሁትን ቃል ልፈጽም። ለልብዎ ምርመራ በየሦስት ወሩ ሃይደራባድ እንደሚመላለሱ ከተማው ሁሉ ያውቃል፤ በራስዎ ሆስፒታል ታክመው አያውቁም፣ አስተዋይ ሰው ነዎት። ይሁን እንጂ መንገዱን ዕድሜዬን ሙሉ ስለሠራሁበት ልንገርዎ፤ ከእርሻ ቤትዎ እስከዚያ ድረስ መቶ አሥራ ሁለት ኪሎ ሜትር ነው፣ በዝናብ ጊዜ ሦስት ሰዓት ተኩል ይፈጃል። የታመመ ልብ ያን ያህል አይጠብቅም። የአምቡላንስ ሹፌሮች ደግሞ የታዘዙት ወደ ቅርቡ ሆስፒታል እንዲወስዱ ነው፤ እሱ ከእርሻ ቤትዎ ዘጠኝ ኪሎ ሜትር ላይ ያለው፣ የእናትዎ ፎቶግራፍ የተሰቀለበት ነው። ልጄ ይህን አንቀጽ አንብባ ሐኪም ለማንም እንዲህ አይመኝም፣ ቢመጡ እኔው አክማቸው ነበር ብላ እንዳወጣው ለመነችኝ። አላወጣሁትም፤ እሷን ዘበኞችዎ አያስገቧትም። ከታገደች ዛሬ ሃያ ሦስተኛ ቀኗ ነው። ጠዋት ሁለት ሰዓት ከሁለት ደቂቃ ላይ ግን ስልኬ ጮኋል፤ ቁጥር አርባ ሰባት ሥራ ገብታለች፤ ከአምስቱ የመዝገብ ሐኪሞች የቀሩት አራቱም ከእሷ ጋር ገብተው እየጠበቁዎት ነው። ጤናዎን አብዝቼ የምመኘው ለዚህ ነው።